ዘግይቶ ያየው ቄስ፤ ባርቶሎሜ ዴ ላስ ካሳስ

ሰው ክፉውን ከደጉ ለይቶ ለማወቅ ምን ያስፈልገዋል ብለን ብንጠይቅ፣ አንዱ ትምህርት ነው ይለናል፤ ሌላው ሃይማኖት፣ ሦስተኛውም ሕግ ነው ይለናል። ዛሬ ታሪኩን ለአንባቢዎቻችን የምናቀርብለት ሰው ሦስቱም ነበሩት። የተማረ ነበረ፤ ቄስ ነበረ፤ የመንግሥቱን ሕግም ያውቅ ነበረ። ይህ ሁሉ እያለው በዐይኑ ፊት የሚፈጸመውን ታላቅ ግፍ ግፍ ነው ሳይል፣ እንዲያውም ከግፉ ፍሬ እየተመገበ ዐሥራ ሁለት ዓመት ኖረ። በኋላ ዐይኑ በተገለጠ ጊዜ ግን ያየውን ነገር እንደ እርሱ አድርጎ በነገሥታት ፊት የተናገረ ሰው በዘመኑ አልተገኘም። እንደዚህም ሆኖ ገና ያላየው ሌላ ግፍ ነበረ፤ ያንንም ለማየት ሌላ ሠላሳ ዓመት ያህል ፈጅቶበታል። ይህ ሰው እስፓኛዊው ባርቶሎሜ ዴ ላስ ካሳስ ነው። በዚህ ጽሑፍ የሚገኙት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር መሆናቸውን አንባቢያችን ይገንዘብልን።

ላስ ካሳስ በ1484 በደቡብ እስፓኝ በምትገኘው በሴቪሊያ ከተማ ከነጋዴ ቤተሰብ ተወለደ። ክርስቶፎር ኮሎምቦስ በ1493 ከመጀመሪያ ጉዞው ተመልሶ ሴቪሊያ ሲገባ፣ ከሩቅ አገር ያመጣቸውን ሰዎችና አረንጓዴ በቀቀኖች ለማየት ከወጣው ሕዝብ መካከል ይህ ልጅ ይገኝበት ነበር። ኮሎምቦስ የደረሰበት አገር ሕንድ መስሎት ስለ ነበረ ሰዎቹን ሕንዶች አላቸው፤ ስሕተቱ ከታወቀ በኋላም ስሙ ጸንቶ ስለ ቀረ እኛም በዚሁ እንጠራቸዋለን። በዚያው ዓመት የባርቶሎሜ አባት ፔድሮ ኮሎምቦስን ተከትሎ በሁለተኛው ጉዞ ሄደ፤ ሲመለስም አንድ ወጣት ሕንድ አምጥቶ ለልጁ በስጦታ ሰጠው። ንግሥት ኢዛቤላ ግን ይህን ነገር ስትሰማ ተቈጣች። የቈጣችውም ሕንዶቹ የርሷ ዜጎች ስለ ሆኑ ያለ ፈቃዷ ሊሰጣቸው የሚችል ማንም የለም በማለት ነበር። በ1500 እነዚያ ሰዎች ወደ አገራቸው እንዲመለሱ ስላዘዘች ወጣቱ ባሪያም ከባርቶሎሜ እጅ ወጣ። ነገሩ የተያዘው እንደ መብት ክርክር ነበር፤ ልጁ እንዴት ዋለ፣ እንዴትስ አደረ ብሎ የጠየቀ አልነበረም።

በ1502 ላስ ካሳስ ከአዲሱ ገዥ ከኒኮላስ ዴ ኦቫንዶ ጋር ከሚሄዱት ወደ 2,500 ከሚጠጉ ሰዎች ጋር ተሳፍሮ ሂስፓኒዮላ ገባ። ይህች ደሴት ዛሬ ሃይቲና የዶሚኒካ ሪፑብሊክ የሚባሉት ሁለት አገሮች የሚገኙባት ናት። ወጣቱ የሄደው እንደ ሌሎቹ ሀብት ፍለጋ ነበር። አገሬውን ለማስገበር በተደረገው ዘመቻ ተካፈለ፤ መሬትም አገኘ፤ ከመሬቱ ጋር ሕንዶች ተሰጡት።

ይህ አሰጣጥ ኤንኮሚየንዳ ይባል ነበር። በቀድሞው ዘመን በአገራችን ለወታደር በደመወዝ ፋንታ ገባር ይሰጠው እንደ ነበረ ለሚያስታውስ አንባቢ ነገሩን ለመረዳት አያዳግተውም። መንግሥት ለአንድ እስፓኛዊ የተወሰነ ቍጥር ያላቸውን ሕንዶች በአደራ ይሰጠዋል፤ እነርሱ ይሠሩለታል፤ እርሱ በፈንታው ይጠብቃቸዋል፣ ሃይማኖትም ያስተምራቸዋል። ባርነት ነው የሚል ቃል በሕጉ ውስጥ አይገኝም። ቃሉ ራሱ አደራ ማለት ነው። በሥራ ላይ ሲውል ግን ሰዎቹ በወርቅ ቍፋሮ ላይ ለብዙ ወራት እየተሰማሩ እርሻቸው ጠፍ ይሆናል፤ ባልና ሚስት ይለያያሉ፤ እናቶች ወተታቸው ደርቆ ሕፃናት ይሞታሉ። ደሴቲቱ ባጭር ጊዜ ውስጥ ሰው አልባ ለመሆን ተቃረበች። ይህ ሁሉ ሲሆን እያንዳንዱ ባለ አደራ በመዝገብ የተጻፈለትን ከመውሰድ በቀር ምንም የፈጸመው በደል አይታየውም ነበር።

ላስ ካሳስ በዚህ መካከል ቅስና ተቀበለ፤ በ1510ም የመጀመሪያ ቅዳሴውን በሂስፓኒዮላ ቀደሰ። በዚያው ዓመት የዶሚኒካን ማኅበር መነኮሳት ወደ ደሴቲቱ መጡ። እነዚህ ድሆች መነኮሳት ያዩትን ካዩ በኋላ ተመካክረው፣ ሁሉም የፈረሙበትን ስብከት አንቶኒዮ ዴ ሞንቴሲኖስ የተባለው ወንድማቸው እንዲያሰማ አደረጉ። በ1511 ከልደት በዓል አስቀድሞ ባለው እሑድ፣ የኮሎምቦስ ልጅ ገዥው ዲዬጎና ሹማምንቱ በተቀመጡበት በሳንቶ ዶሚንጎ ቤተ ክርስቲያን፣ ሞንቴሲኖስ ሕንዶቹ ሰዎች አይደሉምን በማለት ጠየቀ፤ በእነርሱ ላይ የሚፈጸመው ጭካኔ እስካልቀረ ድረስ አድማጮቹ ሁሉ በሟች ኀጢአት ውስጥ እንደሚኖሩ ነገራቸው። ሹማምንቱ ተቈጥተው ቃሉን እንዲመልስ ጠየቁ። እርሱ በሚቀጥለው እሑድ ወጥቶ የባሰውን ተናገረ፤ ሕንዶች የያዘ ሰው ከእንግዲህ በእኛ ዘንድ ንስሐ አይቀበልም አለ።

አንባቢያችን ላስ ካሳስ በዚህ ጊዜ ዐይኑ ተገለጠ ብሎ ሳይጠብቅ አይቀርም። አልተገለጠም። ቀጥሎ አንድ ቀን ለመናዘዝ ወደ አንድ ዶሚኒካን መነኵሴ ዘንድ ሄዶ ነበር፤ መነኵሴው ሕንዶች ስላሉህ አልቀበልህም ብሎ መለሰው። ላስ ካሳስ የተማረ ነበረና ተከራከረ፤ ምክንያት ደረደረ። መነኵሴው በሁለት ዐረፍተ ነገር ምክንያቱን ሁሉ ከንቱ አደረገበት። ላስ ካሳስ የመነኵሴውን ቅድስና አክብሮ፣ መልሱንም አድንቆ ወደ ቤቱ ሄደ፤ ሕንዶቹን ግን እንደ ያዘ ቀረ። ይህን የጻፈልን እርሱ ራሱ በስተርጅናው ነው። እኛ ከሕይወቱ ሁሉ ይልቅ የሚያስደንቀን ይህ ሦስት ዓመት ነው። ነገሩን አልሰማም እንዳንል በጆሮው ሰምቷል፤ አልገባውም እንዳንል ተከራክሮ ተረትቷል።

በ1513 ኩባን ለመያዝ በተደረገው ዘመቻ ፓንፊሎ ዴ ናርቫኤስ ለሚመራው ጦር ቄስ ሆኖ ተከተለ። ከዕለታት አንድ ቀን ጧት ወታደሮቹ በአንድ የደረቀ ወንዝ ዳር ቁርሳቸውን ሲበሉ ድንጋዩ ለሞረድ የሚመች ሆኖ ስላገኙት ሰይፋቸውን ሳሉበት። ወደ ማታም ካኦናኦ ከምትባል መንደር ደረሱ። የመንደሩ ሰዎች እንጀራቸውንና ዓሣቸውን አቅርበው ተቀበሏቸው። ወደ ሁለት ሺህ የሚሆኑትም ፈረስ አይተው የማያውቁ ስለ ነበሩ በአደባባዩ ቁጢጥ ብለው ፈረሶቹን ይመለከቱ ነበር። በድንገት አንድ ወታደር ሰይፉን መዘዘ፤ ከዚያ መቶውም መዘዙ። ወንድና ሴት፣ ሽማግሌና ሕፃን ሳይለዩ ፈጇቸው። ለምን እንደ ተጀመረ ያወቀ አልነበረም። ናርቫኤስ በፈረሱ ላይ እንዳለ እንደ ሐውልት ደርቆ ያይ ነበር። ላስ ካሳስ የቻለውን ያህል ሰው ለማዳን ከወዲያ ወዲህ ሮጠ፤ አዛዡንም ረገመው፤ ለሚሞቱት ጸለየላቸው።

ከዚህ በኋላ በኩባ ለሠራው አገልግሎት ዋጋ እንዲሆነው ከወዳጁ ከፔድሮ ዴ ሬንቴሪያ ጋር በአሪማኦ ወንዝ አጠገብ ሰፊ መሬትና ብዙ ሕንዶች ተሰጡት፤ ተቀበለም። በሰይፍ የተፈጸመውን ክፋት አይቶ አልቅሷል። በመዝገብ የሚፈጸመው ግን አልታየውም። ሰይፉ የናርቫኤስ ወታደሮች ነበረ፤ መዝገቡ የራሱ ነበረ። ደግሞም እርሱ ደግ ጌታ ነበረ፤ ሕንዶቹን አይገርፍም፤ አያስርብም። ወርቅ እንዲያወጡ ግን እንደ ሌላው ሁሉ ይልካቸዋል፤ ሃይማኖት የማስተማሩን ነገርም ረስቶታል። ይህን ሁሉ በኋላ ጊዜ ሳይሸሽግ ጽፎታል። እንደሚመስለን የጋረደው ይህ ደግነቱ ነው። ጨካኝ ጌታ አንዳንድ ጊዜ ሌሊት ኅሊናው ይወቅሰው ይሆናል፤ ደግ ጌታ ግን ራሱን ከጨካኙ ጎረቤቱ ጋር እያስተያየ ረክቶ ይተኛል።

በ1514 የጰራቅሊጦስ በዓል ሲቃረብ ሳንክቲ ስፒሪቱስ በምትባለው አዲስ ከተማ እንዲሰብክ ተጠየቀ። ስብከቱን ለማዘጋጀት መጻሕፍትን ሲመለከት በመጽሐፈ ሲራክ ከግፍ የተገኘ መባ በእግዚአብሔር ዘንድ ዋጋ እንደሌለው፣ የድኻውን እንጀራ የሚነጥቅም ከነፍሰ ገዳይ እንደሚቈጠር የሚናገረው ክፍል ላይ ደረሰ። ይህን ክፍል ከዚያ ቀን በፊት ሳያነበው አልቀረም፤ ሌሎችም ቄሶች ያነቡታል። በዚያ ቀን ግን እርሱ በመሠዊያ ላይ የሚያቀርበው እንጀራ ከየት እንደ መጣ ጠየቀ። መነኵሴው የነገረው ቃል ትዝ አለው። ብዙ ቀን ሲያወጣና ሲያወርድ ከቈየ በኋላ በሕንዶች ላይ የሚደረገው ሁሉ፣ የእርሱ ደግነት ጭምር፣ ግፍ መሆኑን አመነ።

ወዲያው ወደ ገዥው ወደ ዲዬጎ ቬላስኬስ ሄዶ ሕንዶቼን መልሻለሁ አለው። ቬላስኬስ ይወደው ነበርና ደነገጠ፤ በወጣትነትህ ባለጸጋ ልትሆን ስትል ምን ነካህ በማለት ዐሥራ አምስት ቀን እንዲያስብበት መከረው። ላስ ካሳስ ዐሥራ አምስቱ ቀን አሁኑኑ እንዳለቀ ይቈጠርልኝ አለ፤ ወዳጁ ሬንቴሪያ ከጃማይካ እስኪመለስ ብቻ ነገሩ በምስጢር እንዲጠበቅ ለመነ። የሚገርመው፣ ሬንቴሪያም በጃማይካ ሳለ ስለ ሕንዶች ልጆች ሲያስብ ቈይቶ፣ ወደ እስፓኝ ሄዶ ትምህርት ቤት የሚያቋቁምበትን ፈቃድ ሊጠይቅ ቍርጥ አሳብ አድርጎ ነበር። ሁለቱ በተገናኙ ጊዜ አንዱ የሌላውን አሳብ ሰምተው እጅግ ተደነቁ። በነሐሴ 15 ቀን በእመቤታችን የፍልሰታ በዓል ላስ ካሳስ በገዥውና በሰፋሪው ሁሉ ፊት ቆሞ ሕንዶቹን መተዉን ገለጸ።

እዚህ ላይ ልናልፈው የማይገባን አንድ ነገር አለ። ላስ ካሳስ የተዋቸው ሕንዶች ነፃ አልወጡም። ለሌላ ጌታ እንደሚሰጡና ያ ጌታ እስኪሞቱ ድረስ እንደሚያሠራቸው ያውቅ ነበር፤ የሆነውም እንዲሁ ነው። ታዲያ ደግ ጌታ ሆኖ ቢያቈያቸው አይሻልም ነበርን? ይህን ጥያቄ እርሱም ራሱን ጠይቋል። እጁ በነገሩ ውስጥ እያለ ስለ ነገሩ ቢናገር ማንም እንደማይሰማው ስላመነ ነው የተዋቸው። ለእርሱ ኅሊና ሰላም ዋጋውን የከፈሉት ግን እነዚያ ሰዎች ናቸው። ይህን በሚዛን ላይ አስቀምጦ ለመፍረድ ለእኛ ቀላል አይደለም።

በ1515 ከሞንቴሲኖስ ጋር ወደ እስፓኝ ተሻገረ፤ በዓመቱ መጨረሻም ከንጉሥ ፈርዲናንድ ፊት ቀረበ። ንጉሡ ብዙ ሳይቈይ በጥር 1516 ሞተ። ላስ ካሳስ የሕንዶችን ጉዳይ በበላይነት ወደሚመራው ወደ ጳጳሱ ወደ ሁዋን ሮድሪጌስ ዴ ፎንሴካ ሄዶ፣ በኩባ በሦስት ወር ውስጥ ሰባት ሺህ ሕፃናት መሞታቸውን በነገረው ጊዜ፣ ጳጳሱ ይህ ለእኔም ሆነ ለንጉሡ ምናችን ነው የሚል መልስ ሰጠው። ፎንሴካ ደሴቶቹን አይቷቸው አያውቅም፤ በዚያ ግን የሚሠሩለት ሕንዶች ነበሩት። በጽሕፈት ቤት ለሚቀመጥ ሰው ሰባት ሺህ ሕፃናት አንድ ቍጥር ናቸው።

ስለ ጽሕፈት ቤት ካነሣን በ1513 ሁዋን ሎፔስ ዴ ፓላሲዮስ ሩቢዮስ የተባለው የሕግ ሊቅ ያረቀቀውን የማስጠንቀቂያ ጽሑፍ መጥቀስ ይገባናል። ሕጉ እንደሚያዘው ጦሩ አንድን መንደር ከመውጋቱ በፊት ይህ ጽሑፍ ይነበባል፤ ሕንዶቹ ለቤተ ክርስቲያንና ለእስፓኝ ነገሥታት እንዲገዙ ይጠይቃል፤ እምቢ ካሉ ለሚደርስባቸው ሞትና ባርነት ጥፋቱ የራሳቸው መሆኑን ይገልጻል። ጽሑፉ የሚነበበው በእስፓኝ ቋንቋ ነው። አንዳንድ ጊዜ ከመርከብ ላይ ሆነው፣ አንዳንድ ጊዜም ሰው ሸሽቶ ባዶ በቀረ መንደር ያነቡት ነበር። ጸሐፊውም መነበቡን መስክሮ ይፈርማል። ላስ ካሳስ ይህን ጽሑፍ ባየ ጊዜ ይሣቅ ወይስ ይለቀስ ለማወቅ እንደ ተቸገረ ጽፏል። እኛ ግን ያረቀቀው ሰው ክፉ ነበር ብለን አናልፈውም፤ ሩቢዮስ የተማረና የታረመ ሰው ነበረ። ጽሑፉን ያዘጋጀውም ወረራው በሕግ እንዲሆን አስቦ ነው። ሥርዓቱ ከተሟላ፣ ማኅተሙ ካረፈ፣ ፊርማው ከተገኘ በኋላ ስለ ተከተለው ነገር የሚጠየቅ ሰው እንዳይኖር አድርጎ ግን ሠራው። ይህን ክፍል በመሥሪያ ቤት አዲስ የተቀጠሩት ወጣት አንባቢዎቻችን ሁለት ጊዜ ቢያነቡት አንጠላም።

አሁን ወደ ትልቁ ስሕተቱ እንመጣለን። በ1516 ላስ ካሳስ የሕንዶች ጠባቂ ተብሎ ተሾመ። ሰፋሪዎቹ ሕንዶቹን ብንለቅ ማን ይሠራልናል ሲሉት፣ በእነርሱ ፈንታ ከሌላ አገር ባሮች፣ ይልቁንም ጥቁሮች፣ እንዲመጡላቸው ለመንግሥት አሳብ አቀረበ፤ በ1518ም ደገመው። በዚያው ዓመት ንጉሥ ካርሎስ አራት ሺህ አፍሪካውያን ወደ ደሴቶቹ የሚወሰዱበትን ፈቃድ ለአንድ ባለሟሉ ሰጠ፤ ባለሟሉም ፈቃዱን ለነጋዴዎች ሸጠው። አንዳንድ ጸሐፊዎች የአሜሪካን የባሪያ ንግድ የጀመረው ላስ ካሳስ ነው ይላሉ፤ ይህ ትክክል አይደለም። እርሱ ገና ወጣት ሰፋሪ ሳለ አፍሪካውያን ባሮች በሂስፓኒዮላ ነበሩ። ነገር ግን በንጉሥ ፊት የተሰማ ድምፁን ለዚህ ነገር ሰጥቷል፤ በ1531 በጻፈው ደብዳቤም ይኸንኑ አሳብ ደግሞታል።

እንዴት ሊሆን ቻለ? ሰው ሁሉ ሰው መሆኑን በሕንዶች ምክንያት ከማንም በላይ የተገነዘበ ሰው ነው። የሰጠው ምክንያት ይህ ነው፤ ፖርቱጋሎች ባሮቹን በፍትሐዊ ጦርነት የማረኳቸው ናቸው ሲባል ሰምቶ አምኖ ነበር። ስለ ሕንዶች ተመሳሳይ ቃል ሲነገረው ሐሰት መሆኑን የሚያውቀው ካኦናኦን በዐይኑ ስላየ ነው። የአፍሪካን ጠረፍ ግን አላየም። ማንም መነኵሴም በዚህ ምክንያት ንስሐ አልከለከለውም። ከዚህም በላይ የሚወዳቸውን ሰዎች ለማዳን የሚፈልገው መድኃኒት ሆኖ ስላገኘው ስለ ምንጩ ለመጠየቅ አልቸኰለም። በክፉ አሳብ የተነሣ ቢሆን ኖሮ ሊነቃበት ይቀል ነበር ይመስለናል።

ቀጥሎ በዛሬዋ ቬኔዙዌላ በኩማና ጠረፍ ያለ ጦር የገበሬ ሰፈር ለማቋቋም ያደረገው ሙከራ ፈረሰ። በ1522 ልቡ ተሰብሮ የዶሚኒካን ማኅበር መነኵሴ ሆነ፤ ለዓመታትም ሲያነብና ሲጽፍ ተቀመጠ። በ1537 በጓቴማላ፣ እስፓኞች ሦስት ጊዜ ዘምተው ስላልቻሏት የጦርነት አገር ብለው ወደ ሰየሟት ወረዳ ያለ አንድ ወታደር ለመግባት ተዋዋለ፤ እርሱና ባልንጀሮቹም በአገሩ ቋንቋ መዝሙር አዘጋጅተው ለሕንድ ነጋዴዎች በማስተማር መንገዱን ከፈቱ። ወረዳዪቱ በኋላ የእውነተኛ ሰላም አገር ተባለች፤ ስሟም እስከ ዛሬ ቬራፓስ ነው።

በኅዳር 1542 ካርሎስ አዲሶቹ ሕጎች የሚባሉትን ዐወጀ። ሕንዶችን በባርነት መያዝ ተከለከለ፤ ኤንኮሚየንዳም ባለቤቱ ሲሞት ወደ መንግሥት እንዲመለስ ታዘዘ። ላስ ካሳስ ድል ያደረገ መሰለ። ግን በፔሩ ሰፋሪዎቹ ሸፍተው ሕጉን ሊያስፈጽም የመጣውን እንደራሴ በ1546 በጦርነት ገደሉት፤ ንጉሡም የውርሱን አንቀጽ ከዚህ አስቀድሞ በ1545 ሽሮት ነበር። ላስ ካሳስ በዚህ መካከል በ1544 የቺያፓስ ጳጳስ ሆኖ ተሾመ፤ ቺያፓስ ዛሬ የሜክሲኮ ክፍል ናት። በመንበሩ እንደ ተቀመጠ፣ ሕንዶችን በባርነት የያዘ ሁሉ ሳይለቅ ንስሐ እንዳይቀበል አዘዘ። ከሠላሳ ዓመት በፊት በእርሱ ላይ የተዘጋውን በር እርሱ በሌሎች ላይ ዘጋ ማለት ነው። ሕዝቡ ተነሣበት፤ ካህናቱም አልታዘዙትም፤ ከሁለት ዓመት ባልበለጠ ጊዜ ውስጥ ሀገረ ስብከቱን ትቶ ወጣ። በ1547 ወደ እስፓኝ ተመለሰ፤ ከዚያ በኋላ ባሕሩን አልተሻገረም።

በ1550 ካርሎስ ነገሩ ተጣርቶ እስኪወሰን ድረስ አዲስ ወረራ እንዲቆም አዝዞ፣ በቫያዶሊድ ከተማ በሳን ግሬጎሪዮ ኮሌጅ የሊቃውንት ጉባኤ ሰበሰበ። የዓለም ታላቅ የነበረ መንግሥት የሚያደርገው ወረራ ትክክል ነው ወይስ አይደለም ብሎ ራሱን በጉባኤ መጠየቁ ብዙ ጊዜ የሚታይ ነገር አይደለም። በአንድ ወገን የቆመው የአርስቶትልን መጻሕፍት የተረጐመው ሊቅ ሁዋን ሂኔስ ዴ ሴፑልቬዳ ነበረ። እርሱ ወደ አሜሪካ ሄዶ አያውቅም። አንዳንድ ሕዝቦች በተፈጥሯቸው ለመታዘዝ የተፈጠሩ ናቸው የሚለውን የአርስቶትልን አሳብ መሠረት አድርጎ ሦስት ሰዓት ያህል ተናገረ። ላስ ካሳስ በተራው ያዘጋጀውን ረጅም ጽሑፍ አምስት ቀን ሙሉ አነበበ፤ ዳኞቹ ደክሟቸው እንደ ነበረ አንጠራጠርም።

የሴፑልቬዳ ብርቱ ክርክር በሜክሲኮ ሰው ለጣዖት ይሠዋ ነበረ የሚለው ነበር። ነገሩ እውነት ነው፤ ላስ ካሳስም አልካደውም። የሰጠው መልስ ግን በዘመኑ ለነበረ ጳጳስ የሚያስደነግጥ ነበረ። ሰው ያለውን የከበረ ነገር ለአምላኩ መስጠት እንዳለበት ተፈጥሮ ራሷ ታስተምረዋለች፤ ከነገር ሁሉ የከበረው ደግሞ ሕይወት ነው፤ ስለዚህ እነዚህ ሰዎች ሐሰተኛውን አምላክ እውነተኛ መስሏቸው የሠዉት ከክፋት የተነሣ ሳይሆን ደግ ሥራ መስሏቸው ነው። ስሕተት ነው፤ ነገር ግን የሚያስብ ሰው ስሕተት ነው። አባቶቹ፣ ካህናቱና ሕጉ ሁሉ ደግ ነው ያሉትን ነገር አንድ ሰው ጦር ይዞ በመጣ እንግዳ ቃል ብቻ ክፉ ነው ብሎ እንዲያምን ማስገደድ አይቻልም፤ በትዕግሥት ማስረዳት ያስፈልጋል አለ። እኛ ይህን ስናነብ ላስ ካሳስ ስለ ሜክሲኮ ሰዎች ብቻ ይናገር ነበር ለማለት ያስቸግረናል። እርሱም ካህናትና ሕግ ደግ ነው ያሉትን ሥራ ዐሥራ ሁለት ዓመት ሠርቷል፤ በመሠዊያም ላይ የሰው ሕይወት አቅርቧል። ዳኞቹ በ1551 እንደገና ተሰብስበው በጋራ አንዳች ፍርድ ሳይሰጡ ተበተኑ።

ላስ ካሳስን ቅዱስ አድርገን መሣል አንፈልግም። ሞቶሊኒያ የተባለው የፍራንሲስካን መነኵሴ በ1555 ለንጉሡ በጻፈው ደብዳቤ በብርቱ ከሶታል፤ ሁከተኛ ነው፣ የአገሩን ቋንቋ አልተማረም፣ ለሕንዶች ይሟገታል እንጂ ወረቀቶቹን ለማጓጓዝ ብዙ ሕንዶችን ያለ ዋጋ ያሸክማል ብሏል። ሞቶሊኒያ ራሱ በድኽነት የሚኖር፣ የሕንዶችን ቋንቋ የተማረ፣ በእነርሱም የተወደደ ሰው ነበረ። ሁለቱም ሕንዶችን ይወዱ ነበር፤ ግን አንዱ ክፋቱን በሥርዓቱ ውስጥ፣ ሌላው በጥቂት ክፉ ሰዎች ውስጥ ያየው ነበር። በ1552 ላስ ካሳስ ያሳተመው አጭሩ የጥፋት ታሪክም ቍጥሩ የተጋነነ መሆኑን የዛሬ ሊቃውንት ይስማሙበታል፤ ከአውሮፓ የመጣው ፈንጣጣ የፈጀውን ሁሉ ከሰይፍ ጋር ደምሮታል።

ከእስፓኝ ጋር ጠላትነት የነበራቸው አገሮች ግን መጽሐፉን በደስታ ተቀበሉት። በሆላንድ ቋንቋ በ1578፣ በፈረንሳይኛ በ1579፣ በእንግሊዝኛ በ1583 ታተመ። እንግሊዛውያን በእስፓኞች ጭካኔ እየተንቀጠቀጡ ሲያነቡት፣ ጆን ሆኪንስ የተባለው እንግሊዛዊ ከአፍሪካ ያፈሳቸውን ሰዎች በዚያችው በሂስፓኒዮላ ከሸጠ ሃያ ዓመት አልፎት ነበር። መርከበኛው ግን በአገሩ የተከበረ ሰው ነበረ።

ላስ ካሳስ በ1547 ሲመለስ በሊዝቦን በኩል አልፎ ነበር። ከዚያ ወዲህ የፖርቱጋል ታሪክ ጸሐፊዎች ስለ አፍሪካ ጠረፍ የጻፉትን እየመረመረ አነበበ። በ1444 በላጎስ ወደብ 235 ምርኮኞች ከመርከብ ወርደው እናት ከልጅ፣ ወንድም ከወንድም እየተለየ የተከፋፈሉበትን ቀን ታሪክም አገኘ። ታሪኩን የጻፈው ፖርቱጋላዊ ነገሩን ሲተርክ እያዘነ ነበር፤ ግን ምርኮኞቹ ክርስቲያን ስለሚሆኑ መጨረሻው መልካም ነው ብሎ ተጽናንቶበታል። ላስ ካሳስ ይህን ማጽናኛ ያውቀዋል። በካኦናኦ ያየውን በላጎስ እንደገና አየው። ከ1527 ጀምሮ በሚጽፈው ትልቁ የታሪክ መጽሐፉ ውስጥ፣ ስለ ራሱ እንደ ሌላ ሰው አድርጎ እየተናገረ፣ ያ ቄስ የአፍሪካውያን ባርነት እንደ ሕንዶች ባርነት ሁሉ ግፍ መሆኑን ሳያውቅ ያን ምክር እንደ ሰጠ፣ በኋላም እንደ ተጸጸተ ጻፈ። ምክሩን የሰጠው ባለማወቅና በቅን ልብ ቢሆንም ይህ በእግዚአብሔር ፍርድ ፊት ያድነው እንደ ሆነ እርግጠኛ አለመሆኑንም ጨመረበት። በዘመኑ ስለ አፍሪካውያን እንዲህ ብሎ የጻፈ እስፓኛዊ እጅግ ጥቂት ነው።

ሆኖም ይህን ጽሑፍ በአደባባይ አላነበበውም። በ1559 መጽሐፉን ለሳን ግሬጎሪዮ ኮሌጅ ሲያስረክብ እስከ አርባ ዓመት ድረስ ለሕዝብ እንዳይገለጥ አዘዘ። ስለ ሕንዶች እንደ ጮኸው ስለ አፍሪካውያን የሚጮኽበት ዕድሜም ጕልበትም አልቀረለትም። በሐምሌ 18 ቀን 1566 በማድሪድ በአቶቻ ገዳም ዐረፈ።

አርባው ዓመት አለፈ፤ መጽሐፉ ግን አልታተመም። በእጅ እየተገለበጠ ጥቂት ሊቃውንት ብቻ ሲያዩት ከሦስት መቶ ዓመት በላይ ቈይቶ በ1875 በማድሪድ መታተም ጀመረ። በዚያ ዓመት በኩባ፣ እርሱ ሕንዶቹን በተወባት ደሴት፣ አፍሪካውያን ባሮች በሸንኰራ እርሻ ላይ ይሠሩ ነበር። በሕግ ነፃ የወጡት በ1886 ነው።